እታፈራሁ እና መቀርቀሪያ የሌለው በር

እታፈራሁ ሞተች ሲሉኝ መጀመሪያ የታወሰኝ በሩ ነው።

የነገረኝ ከጓሳ ሜዳ ወዲያ፣ ከእናቷ አገር ገብስ ጭኖ የመጣ ሰው ነው። ራቤል ገበያ መሀል አስቆመኝና፣ «ጋሽ ተክሌ፣ ያቺ እርስዎ ቤት ተከራይታ የነበረችው፣ የኮምፒውተሯ ልጅ፣ አረፈች እኮ። አዲስ አበባ ታማ ብዙም አልቆየች። ትናንት እናቷ አጥቢያ ቀበርናት» አለኝ።

«መቀርቀሪያውን ሳልሠራላት» አልኩት።

ሰውየው አየኝ። አህያውን አየ። «እግዜር ያጽናዎት» ብሎኝ ሄደ። ዕድሜዬን አይቶ ነው የተወኝ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከመንገድ በኩል ያለችው ክፍላችን፣ ልጆቻችን አድገው ከሄዱ ወዲህ የምናከራያት፣ በሯ ገርበብ ይላል እንጂ ከውስጥ የሚዘጋበት ነገር አልነበረውም። እታፈራሁ እዚያች ክፍል ስትኖር ሦስት ጊዜ፣ «ጋሼ፣ ለዚህ በር መቀርቀሪያ ቢያበጁልኝ» ብላኛለች። ሦስቴም እሺ ብያታለሁ። በሆዴ ግን፣ እኔ ባለሁበት ግቢ ማን ደፍሮ ሊገባባት ነው፣ እል ነበር።

ከመጣችበት ዕለት ጀምራ ነው ግራ ያጋባችኝ። ብርዱ መጀመሩ ነበር። ጀርባዋ ላይ ቦርሳ፣ በብብቷ ሶላር ታቅፋ በራችን ላይ ቆመች። ቤት የሚፈልግ ሰው ስለ ውሃው ይጠይቃል፣ ጣሪያው ያፈስ እንደሆነ ይጠይቃል። እሷ ስልኳን ወደ ሰማይ ከፍ አድርጋ ግቢያችንን ዙሪያውን ዞረችው። በመጨረሻ የበጎቹ በረት አጠገብ ቆመችና፣ «እዚህ ጋ ጥሩ ነው» አለች። የስልኩ ማማ በዚያ በኩል ይታያል።

«ከወዴት ነሽ?» አልኳት።

«ትውልዴ ከጓሳ ወዲያ ነው። ያደግኩት ግን ደብረ ብርሃን፣ አክስቴ ዘንድ ነው። እናቴ ብቻዋን ናት፣ ዓይኗም እየደከመ ነው። እሷ ያለችበት ኔትወርክ የለም። ከዚህ ከሆንኩ ግን በየሳምንቱ በእግሬ ደርሻት እመለሳለሁ።»

«የሚያውቅሽ ሰው አለ? ዋስ?»

እኛ አገር ያለ ዋስ የሚሆን ነገር የለም። ፈረስ የሚሸጥ ሰው እንኳ እንግዳ ከሆነ ዋስ ይጠራል። የሚያውቀው ሰው መጥቶ «ፈረሱ የራሱ ነው፣ አለዚያ እኔን ያዙ» ካላለ ገዢው ልጓሙን አይጨብጥም። ቤትም ያው ነው።

እታፈራሁ አሰብ አደረገች። ስታስብ አውራ ጣቷን ቅንድቧ መሀል ትተክላለች፤ ሁልጊዜ እንደዚያ ነች። «እዚህ የሚያውቀኝ ሰው የለም» አለች። «እርስዎ ራስዎ ይወቁኝና እርስዎ ዋስ ይሁኑኝ።»

«ለኔው ለራሴ?»

«ለራስዎ።»

ባለቤቴ በለጡ ከውስጥ ሆና ሳቀች። «አስገባት ባክህ፣ ደፋር ናት» አለች። አስገባኋት። እነሱ እንደ ቀልድ ያዙት። እኔ ግን ቃል ነው ብዬ ያዝኩት።

ኑሮዋ እንዲህ ነበር። ጠዋት የበግ ጠጉር ባና ተከናንባ ኮምፒውተሯ ፊት ትቀመጣለች። የኛ አገር ብርድ ጣት ያደነዝዛልና የሱፍ ጓንት አላት፤ ጫፍ ጫፉን በመቀስ ቆርጣዋለች። በለጡ ይህን ስታይ ደንግጣ፣ «አንቺ ልጅ፣ ደህናውን ጓንት!» አለቻት። «እታባ፣ ጣቴ ነው የሚያበላኝ» አለች። ትጽፋለች፣ ትጽፋለች። ድንገት ብድግ ትላለች። ወጥታ በረቱ ጋ ትሄድና ለሙክታችን፣ ግንባሩ ነጭ ስለሆነ ቦራው ለምንለው፣ ታወራለታለች።

እውነቴን ነው። «እዚህ ጋ ቁጥሩን ተቀብሎ ወደዚያ ማሳለፍ ነበረበት፣ አይደል? አሳለፈ። ታዲያ ለምን ባዶ ይመልሳል?» ትለዋለች። ቦራው ያመነዥካል። እሷ አንድ ሁለት ጊዜ ደግማ ትነግረውና፣ «አሃ!» ብላ እየሮጠች ትገባለች።

አንድ ቀን ጠየቅኳት። «ምን ብሎሽ ነው?»

«ምንም አላለኝም። እሱ ዝም ብሎ ሲሰማኝ ስህተቴን እኔው አገኘዋለሁ።»

«እኔስ ብሰማሽ?»

«እርስዎማ ይመልሳሉ፣ ጋሼ» ብላ ሳቀችብኝ።

ያ ሙክት ለፋሲካ የታሰበ ነበር። ሲደርስ በለጡ፣ «ይህን ሁሉ ምስጢር የሰማ በግ እንዴት ይበላል?» አለች። ዶሮ አረድን።

ሥራዋን እኔ እስከ ዛሬ በደንብ አላወቅኩትም። ዳዊት ደግሜያለሁ፣ ጽሕፈትም በኋላ በመሠረተ ትምህርት ለምጃለሁ፤ ከዚያ ያለፈ ትምህርት የለኝም። ግን ለመጠየቅ አላፈርኩም።

«ቢሮሽ የት ነው?»

«ቢሮ የለውም ጋሼ።»

«አለቃሽስ?»

«ገና አላገኘሁትም። እሱን እኮ ነው የምፈልገው።» ከዚያ ወንበሯን ወደኔ አዞረች። «ገበያ ነው ይበሉት። በአንድ በኩል ሶፍትዌር የሚያሠሩ ድርጅቶች አሉ። ጫማ የሚሸጥ አለ፣ መድኃኒት የሚያከፋፍል አለ። ደንበኛ በስልኩ ሲያዝ ዕቃው መጋዘን መኖር አለመኖሩን አይቶ የሚመልስ ነገር ይፈልጋሉ። ያን የምጽፈው እኔ ነኝ። በሌላ በኩል እንደኔ በየቤቱ ቁጭ ብሎ የሚጽፍ ባለሙያ አለ፣ ቅጥር የሌለው። ሁለቱ አይተዋወቁም። መሀል ሆኖ ለዚህኛው ድርጅት ይቺ ትሆናለች ብሎ የሚያገናኝ አለ።»

«ደላላ በይኛ!»

«እንደ ደላላ ነው። ግን ገበያው ኢንተርኔት ላይ ነው። የሚያገናኘውም ብዙውን በማሽን ነው።»

«ማሽን ሰው ያውቃል?»

«አያውቅም። ለዚህ ነው ወደ ገበያው ከመግባታችን በፊት አጥብቀው የሚፈትኑን።»

«ዋስ አይጠሩም?»

«ፈተናው ነው ዋሳችን» አለች።

ገባኝ አልኳት። አልገባኝም ነበር። ቦታ የሌለው ገበያ፣ ፊት የሌለው ደላላ፣ አይታው የማታውቀው አለቃ። ማኅበር ላይ ሳነሳው አንዱ፣ «ጋሽ ተክሌ፣ ልጅቷ የምትጽፈው ካልታየ ደብተራ ናት» አለኝና ሁሉም ሳቁብኝ። ሳቁ አላናደደኝም። ያሳሰበኝ ያ የዋሱ ነገር ነው። የሰው ልጅ፣ ያውም እናት ያላት፣ አገር ያላት፣ እንዴት አንድም ሰው «አውቃታለሁ» ሳይልላት ገበያ ትወጣለች?

ማጣሪያው ሦስት ነው አለችን። የመጀመሪያው የእንግሊዝኛ ወሬ ነው፣ አለፈች። ሁለተኛው እሷ ብቻዋን የምትሠራው ነው፣ አለፈች። በሁለቱም ቀን ለቦራው አሞሌ አላሰችው። ሦስተኛው ከፋሲካ በኋላ ሆነ። በዋዜማው ከኛ ጋር ተቀምጣ እንዲህ አለች።

«ነገ አንድ ሰው በካሜራ ፊት ለፊት እያየኝ ነው የምሠራው። ሁለት ሰዓት ይፈጃል። ካለፍኩ እዚሁ ነኝ፤ ራቤል ሆኜ እሠራለሁ፣ እናቴንም ቅዳሜ ቅዳሜ አያታለሁ። ካልሆነ አዲስ አበባ የሚቀጥረኝ መሥሪያ ቤት አለ። መሄዴ ነው። እንደገና ለመፈተን ዓመት ያስጠብቃሉ።»

«ታልፊያለሽ» አለች በለጡ። ዓይኗ እንባ ይዞ ነበር። ልጅቷ ቤታችንን ሞልታልን ነበርና።

«ጋሼ፣ እርስዎን አንድ ነገር ልለምንዎት። ነገ ጠዋት ማንም እንዳይገባብኝ ይጠብቁልኝ። በሩ መቼም አይዘጋም።»

«ማንም አይገባም!» አልኳት።

ጠዋት ቤተ ክርስቲያን ተሳልሜ መጣሁ። የክት ልብሴን እንደለበስኩ፣ ጋቢዬን እንደደረብኩ፣ ዱላዬን ይዤ ደጃፏ ድንጋይ ላይ ተቀመጥኩ። እሳት ልትጭር የመጣች ጎረቤት መለስኩ። ዶሮዎቹን አባረርኩ። በለጡ ቂጣ ይዛ ስትመጣ እሷንም በዱላዬ ከለከልኳት። «እኔንም ነው የከለከለችው?» ብላ አኮረፈች። «ማንም ብላለች፣ ማንም ነው» አልኳት።

ከውስጥ የፈረንጅ ድምፅ ይሰማል። እሱ ይጠይቃል፣ እሷ ትመልሳለች። እንዲያ እንዲያ ሲሉ ቆዩ። ከዚያ እሱ አንድ ነገር ጠየቀ፣ እሷ ዝም አለች። ቆየ። ደግሞ ጠየቀ። ዝም። በበሩ ስንጥቅ ባይ አውራ ጣቷ ቅንድቧ መሀል ነው።

እኔ ቋንቋውን አላውቅም። ዝምታውን ግን አወቅኩት። ገበያ ላይ ፈረሱን ይዞ «ዋስ አለህ?» ተብሎ ዙሪያውን የሚያይ እንግዳ ሰው ዝምታ ነው። በቃ፣ ዋስ ጠየቋት አልኩ። ማንም የተባለው ውስጥ እኔ አለሁበት ብዬ አላሰብኩም። ዋስ ደግሞ ከማንም አይቆጠርም።

ገፋ አድርጌ ገባሁ።

ኮምፒውተሩ ውስጥ ቀይ ጢም ያለው ወጣት ጆሮው ላይ ማዳመጫ ደፍቶ ተቀምጧል። ባርኔጣዬን አውልቄ እጅ ነሳሁት። «ጤና ይስጥልኝ። ተክሌ እባላለሁ። የራቤል ሰው ነኝ» አልኩት። የአባቴን ስም፣ የአያቴን ስም፣ አጥቢያዬን ነገርኩት። ልጁ አፉን ከፈተ፣ ጣቱንም አነሣ። እታፈራሁ ወደሱ ዞራ በእንግሊዝኛ አጭር ነገር ተናገረች። ጣቱን መለሰ። እኔም ሽምግልና እንደሚቀመጥ ሰው አልጋዋ ጠርዝ ላይ ተቀምጬ ቀጠልኩ።

«ይህችን ልጅ አውቃታለሁ። ከብርዱ መግቢያ ጀምሮ ግቢዬ ናት። እናቷን ከማየት ዝናብ አስቀርቷት አያውቅም። ውሸት ስትናገር አልሰማሁም። ከበግ ጋር የምታወራውም ስለ ሥራዋ ነው፣ አእምሮዋ ደህና ነው። ሥራውን ስጧት። ብትጠፋባችሁ እኔን ያዙኝ። ራቤል ጋሽ ተክሌ ብላችሁ የጠየቃችሁት ሁሉ ያሳያችኋል።» ሌላም ብዙ አልኩ። ስለ ገብሱም፣ ስለ አየሩም ሳልናገር አልቀረሁም። እታፈራሁ ከወንበሯ ተነሥታ፣ እጇን አጣጥፋ፣ አንገቷን ደፍታ ቆማ አስጨረሰችኝ።

ስጨርስ ፈረንጁ አንድ ነገር ተናግሮ ጠፋ። ኮምፒውተሩ ጨለመ።

«ምን አለ?»

«አመሰግናለሁ አለ» አለችኝ።

«ጨዋ ልጅ ነው» አልኩ።

ወጥታ በረቱ ጋ ሄደች። ቦራውን አንገቱን ይዛ ቆመች። ያን ቀን አላወራችለትም። ደክሟት ነው አልኩ።

በሦስተኛው ቀን፣ «አልሆነም ጋሼ» አለችኝ።

«ለምን?»

«አንዱን ጥያቄ ሳልመልስ ጊዜው አለቀ።»

የተናደድኩት መናደድ! ማኅበር ላይ፣ ገበያ ላይ፣ ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ፣ «እኔ ተክሌ ዋስ ሆኜ ቀርቤ መለሱኝ! እነዚያ ሰው የማያውቁ!» እያልኩ ተናገርኩ። እሷም ትሰማኛለች፣ ዝም ትላለች። አንድ ቀን ብቻ፣ «ይተዋቸው ጋሼ፣ እነሱ ምን ያድርጉ» አለችኝ።

ስትሄድ መኪናው ድረስ ሸኘናት። በለጡ አለቀሰች። እኔ በመስኮቱ፣ «ዋስትናዬ አልተነሣም፣ የትም ብትሆኚ» አልኳት። እታፈራሁ እጄን ይዛ ሳመችው። «አውቃለሁ» አለች።

በየበዓሉ ትደውል ነበር። መጀመሪያ «ቦራው ደህና ነው?» ትላለች፣ ከዚያ የኛን ትጠይቃለች። በዓመቱ፣ «ጋሼ፣ እንደገና ተፈትኜ አለፍኩ» አለች። «ዋስ ጠየቁሽ?» አልኳት። ሳቀች። «የድሮው ይበቃል» አለች። ነይ ብንላት፣ እመጣለሁ አለች። ግን እዚያ የሚይዛት ነበር፤ ሥራውን የምታስተምራቸው ወጣቶች ሰብስባለች አሉ። ለበዓል መጥታ እናቷን አይታ ትመለሳለች። ቦራውም አርጅቶ ሞተ፤ ነገርናት።

እንግዲህ ለቅሶ ልደርስ ጓሳን አቋረጥኩ። የሜዳው ሣር የሚታጨደው በየጥቂት ዓመቱ ነው፤ ዘንድሮ ተራው ስላልሆነ ረዝሟል፤ ነፋሱ ያስተኛዋል፣ ተመልሶ ይነሣል። ቀኑን ሙሉ ሄድኩ።

እናቷ መደብ ላይ ተቀምጠዋል። ዓይናቸው ጨርሶ ደክሟል። ስሜን ስነግራቸው እጄን ፈልገው ያዙ። «ቅዳሜ ቅዳሜ ልታየኝ ነበር እኮ። ራቤል ልትቀመጥልኝ ነበር» አሉኝ።

«እነዚያ ፈረንጆች ናቸው የከለከሏት!» አልኩ፣ ለቀስተኛው ሁሉ እየሰማ። «እኔ ዋስ ሆኜ ፊታቸው ቀርቤ፣ እንቢ አሉ!»

ከአዲስ አበባ የመጣች አንዲት ልጅ፣ ሜሮን ትባላለች፣ የእታፈራሁ የሥራ ባልደረባ ናት፣ ጥግ ተቀምጣ ታለቅስ ነበር። ቀና አለች። «እርስዎ ነዎት ጋሽ ተክሌ?» አለችኝ። በእንባዋ መሀል ሳቀች። ተነሥታ ክንዴን ይዛ ወደ ውጭ፣ ካቡ ጋ ወሰደችኝ።

«እታፈራሁ ስለርስዎ ሳታወራ ውላ አታውቅም» አለችኝ። «ስለ ፈተናው ቀን።»

«ለምን ጣሏት? አንቺ ታውቂያለሽ?»

«ይተዉት አባባ፣ አልፏል።»

«አልተወውም። እናቷን አየሻቸው?»

መሬት መሬት አየች። «ፈተናው ላይ ሌላ ሰው ክፍሉ ውስጥ መግባት የለበትም። መልስ ይነግራታል ተብሎ ነው። ሰው ከገባ ፈተናው ይሰረዛል።»

ካቡን ያዝኩ። ድንጋዩ ቀዝቃዛ ነበር።

«እኔ ነኛ» አልኳት።

«አባባ...»

«እንግዲያው ገና እግሬን ሳነሣ አልቆለት ነበር።»

ሜሮን መዋሸት አልቻለችበትም። «ወዲያው አይሰረዝም» አለች። «መጀመሪያ ያስጠነቅቃሉ። ወዲያው ብታስወጣዎት ኖሮ ይቀጥሉላት ነበር።»

«ፈረንጁ ጣቱን ያነሣው...»

«ይውጡ ለማለት ነው።»

«እሷ ምን አለችው? አንድ ነገር ብላዋለች፣ ሰምቻለሁ።»

«‹አባቴ እየተናገረ ነው፣ ሲጨርስ እመለሳለሁ› ነው ያለችው።»

«ብዙ ተናገርኩ?»

ሜሮን ነጠላዋን አፏ ላይ አደረገች። «በጣም ብዙ» አለች። እየሳቀች ይሁን እያለቀሰች አልለየሁትም።

ተመልሼ እናትየው አጠገብ ተቀመጥኩ፤ እጄን እንደገና ያዙ። ልነግራቸው አፌን ከፈትኩ። «ፈረንጆቹን ይተዋቸው» አልኳቸው። «የገባሁት እኔ ነኝ። ያስናከልኳት እኔ ነኝ።» ሰሙኝ። እጄን ግን አልለቀቁትም። ለምን እንዳልለቀቁትም አላወቅኩም።

ቤቴ ስመለስ ወይራ ፈለጥኩ፣ ጠረብኩ፣ መቀርቀሪያ አበጀሁ። በለጡ ቆማ ታየኛለች። ሁሉንም ነግሬያታለሁ። «አሁን ለማን ነው?» አለች። «እኔ እንጃ» አልኳት። ክፍሏ ባዶ ናት፤ እሷ ከሄደች ወዲህ አላከራየናትም።

ገብቼ ከውስጥ ቀረቀርኩት። «እስቲ ግፊው» አልኳት። ገፋችው። «በደንብ!» በትከሻዋ ገፋችው። አልተከፈተም።

«ይዟል፣ በቃ ውጣ» አለችኝ።

እኔ ግን እታፈራሁ ያን ቀን የቆመችበት ቦታ ላይ ቆምኩ። እንደሷ እጄን አጣጥፌ በሩን አየሁት። ከዚህ ሆኖ ሲታይ፣ ባርኔጣውን አውልቆ የሚገባው ሽማግሌ ምን እንደሚመስል ለማየት ሞከርኩ። «ጋሼ፣ ይውጡ» ማለት ሁለት ቃል ነው። ብትለኝ እወጣ ነበር። ቅዳሜ ቅዳሜ እናቷን ታይ ነበር፣ ግቢያችንን ትሞላልን ነበር። ሁለት ቃል። የኔ ስህተት ገብቶኛል፤ እሷ ለምን ዝም እንዳለች ነው ያልገባኝ። ደስ ይበለኝ ወይ ልዘን፣ እሱንም አላወቅኩም። የምነግረው ቦራውም የለ።

«አንተ ሰውዬ፣ ምን ትሠራለህ እዚያ?» አለች በለጡ ከውጭ።

«ቆይ፣ አልጨረስኩም» አልኳት።

በለጡም ደጃፉ ድንጋይ ላይ ተቀምጣ እስክጨርስ ጠበቀችኝ።